በፊልሙ መጀመሪያ ላይ ያለው ስም

ባሕር ዳር፣ ሰኔ ፱ ቀን ፳፻፲፯ ዓ.ም.

ለልጄ ለወለተ ሚካኤል፣ ሰው ሁሉ ኪዲ ለሚላት፤

እንደምን አለሽ? ምግብ ትበያለሽ ወይ፣ እንቅልፍስ ይወስድሻል ወይ ብዬ በወጉ ልጠይቅሽ ይገባኝ ነበር። ነገር ግን ሦስት ሳምንት ሙሉ ስልክሽ አልነሳ ብሏል፤ እኔም ከድንጋጤዬ ገና አልተመለስሁም። ስለዚህ ሰላምታውን አሳጥሬ ወደ ጉዳዬ ልግባ። ፊደሌ ተንጋዶ ብታዪው ሌላ ሰው የጻፈው እንዳይመስልሽ። አርባ ዓመት ብራና ላይ ቀጥ ብሎ የኖረ እጄ ዛሬ አንድ ሉክ ወረቀት ላይ አልታዘዝ ብሎኛል።

አስቀድሜ አንድ ነገር ልንገርሽ፤ ከዚያ ብትቆጪም እስከ መጨረሻው አንብቢው። ሰኔ ዐሥራ ሰባት ቀን ፍርድ ቤት ቀርበሽ በአንዳርጋቸው ላይ ልትመሰክሪ እንደሆነ ሰምቻለሁ። እንዳታደርጊው። ፊልምሽን ለቴሌግራም የዳረገው አንዳርጋቸው አይደለም። ልጁ ዘጠኝ ቀን ታስሮ በዋስ የወጣው፣ ፎቶው «ሌባው ኤዲተር» ተብሎ በየሰው ስልክ የዞረው በከንቱ ነው። እንዴት እንዳወቅሁ ከመጀመሪያው ጀምሬ በተራ እነግርሻለሁ፤ በተራ ካልሆነ ለእኔም ይምታታብኛል።

የእናትሽ መንፈቅ ግንቦት ዐሥራ አራት ነበር። አንቺ በሲኒማ ቤቶቹ ጣጣ ተይዘሽ መምጣት አልቻልሽም፤ እኔም ለጠየቀኝ ሁሉ ይህንኑ ተናገርሁ። በአንቺ ፋንታ አንዳርጋቸው በዋዜማው ከች አለ። ድንኳኑ ሲተከል ገመድ የሳበው እሱ ነው፣ ውኃ በጀሪካን ያመላለሰውም እሱ ነው። ፊልሙን ስትቀርጹ ሁለት ወር እኛ ቤት ከርሞ የለ? እናትሽ ዓሣ ጠብሳ ስታበላው «ይህን ልጅ ማን አሳደገው፣ አጥንቱን እንኳ አይተውም» እያለች ትስቅበት ነበር። እሱ ግን ያንን ሳቅ ቁም ነገር አድርጎ ይዞት ኖሯል።

ከሰዓት በኋላ ሥራው ጋብ ሲል ጓዳ አስገብቶኝ ኮምፒውተሩን ከፈተና ፊልምሽን፣ «ሰባተኛው ምረቃ»ን አሳየኝ። ልጄ፣ ምን ልበልሽ! አንድም ጀልባ ቆሞበት የማያውቀውን የጀልባ ማረፊያ ስድስት ሹም በየተራ እየመጣ ሪባን ሲቆርጥለት፣ ለሰባተኛው ሹም ሪባን ጠፍቶ ከመንገድ የሚያልፉ ሙሽሮችን አስቁመው የሙሽራዪቱን መቀነት ሲቆርጡ፣ ጎኔን ይዤ ሳቅሁ። ያ ጥምጣሙ የተንጋደደው መሪጌታስ? ለስድስቱም ሹማምንት ያንኑ አንድ ቅኔ ስም ብቻ እየለወጠ የሚያቀርበው? ከየት እንዳመጣሽው አልጠፋኝም። እኔ ሁለት ጊዜ ብቻ ነው ያደረግሁት። እሺ፣ ሦስት ጊዜ። መቼም የነገረችሽ እናትሽ ናት።

ከሁሉ ግን ልቤን የነካው መጀመሪያው ነው። ጨለማ ነው፤ የጣና ማዕበል ይሰማል፤ ከዚያ ነጭ ፊደል ብቅ ይላል፤ «መታሰቢያነቱ ለእናትዓለም»። እዚያው አለቀስሁ። ልጄ በሥራ ተወጥራ ባትመጣም እናቷን አልረሳችም አልሁ። አንዳርጋቸው አጠገቤ አንገቱን ደፍቶ ተቀምጦ ነበር።

በማግሥቱ ሊሄድ ሲል ፊልሙ ያለበትን ፍላሽ እጄ ላይ አስቀምጦ «ኪዲ አደራ ብላለች። ግንቦት ሃያ ሁለት ሲኒማ ቤት እስኪገባ ከእርስዎ በቀር ማንም እንዳያየው» አለኝ። ሰማሁት። ጆሮዬ ደህና ነው፤ አልገባኝም ነበር ብዬም አላመካኝም።

ያን ዕለት ፍሬ ስብሐት ገና ቤታችን ነበር። በተማሪነታችን በአንድ ደበሎ ያደርን፣ ዛሬ ጎርጎራ ቅኔ የሚያስተምረው ጓደኛዬ ከዚያ ድረስ በጀልባ መጥቶ ለመንፈቁ ቆሞልኛል። «ልጅህ ፊልም ሠራች ይባላል፤ እውነት ሹም ትሰድባለች?» አለኝ። «አትሳደብም፣ ታሳያለች እንጂ!» ብዬ ተቆጣሁ። ከተቆጣሁ በኋላ ማስረዳት ነበረብኝ፤ ሳስረዳው አልሆነልኝም። ይዤው ትንቢት ቤት ገባሁ። ትንቢትን አትረሻትም፤ ደጀ ሰላሙ አጠገብ ፎቶ ኮፒ ቤት ያላት ጎረቤታችን ናት። ፍላሹን ቴሌቪዥኗ ላይ ሰካችልን። ፍሬ ስብሐት መሪጌታው ጋ ሲደርስ ጭራውን እንደያዘ ከወንበሩ ተንሸራቶ መሬት ላይ ተቀመጠ። «ሣህሉ! አንተ ነህ እኮ! ጥምጣሙም ያንተ ነው!» እያለ እንባውን ይጠርጋል። ሲያበቃ ታዲያ ምን አለኝ? «ይህችን ላስገልብጣት።»

አንቺ የቁም ጸሐፊ ልጅ ነሽ፣ ይህ ይገባሻል። በእኛ ሙያ መጽሐፍ አውሰኝ የሚልን ሰው እንሸሸዋለን፤ ወይ ያስቀረዋል ወይ ዝናብ ያስመታዋል። ልገልብጠው ብሎ የመጣን ሰው ግን እምቢ ያለ አላየሁም፣ አልሰማሁም። የእኔ ድጓ ከመምህሬ ከየኔታ ኪዳነ ወልድ ድጓ የተገለበጠ ነው፤ የእሳቸውም ከመምህራቸው። መጽሐፉ ባለቤቱ ጋ እንዳለ ይቆያል፣ ሌላው ቤትም መጽሐፍ ይገባል። ለዚህ የሚሰጠው ምስጋና እንጂ ወቀሳ የለም። በመጨረሻው ቅጠል ላይ «ዘሰረቆ ወዘፈሐቆ ውጉዘ ለይኩን» እንላለን፤ የሰረቀውም የፋቀውም የተወገዘ ይሁን ነው። የገለበጠውን የሚያወግዝ ጸሐፊ እስከ ዛሬ አልገጠመኝም። ፍሬ ስብሐትን እምቢ ብለው ኖሮ በዕድሜዬ የመጀመሪያው ንፉግነቴ ይሆን ነበር፤ ያውም እናትሽን ሊያስብ በመጣ ሰው ላይ።

ትንቢት እጇን ሰብስባ «የኔታ፣ ኪዲ ፈቅዳለች?» አለችኝ።

«አባቷ እያለሁ አንቺን ምን አገባሽ!» ብዬ ጮህሁባት።

ሌላ ፍላሽ አምጥታ ገለበጠችለት። እኔ አንድ ዳዊት ለመጻፍ ስምንት ወር እፈጃለሁ፤ ያ ፍሬ ስብሐት የጫማውን ክር አስሮ ሳይጨርስ አለቀ። ያኔ መጠርጠር ነበረብኝ። እኔ ግን ፍላሼን ከመቃ ብዕሮቼ ጋር ሳጥኔ ውስጥ ቆለፍሁና፣ ይኸው አደራዬ ከነበረበት አልጎደለም ብዬ ደስ ብሎኝ ዋልሁ።

ግንቦት ሃያ ቀን አንድ ገዳም ያዘዘኝን የብራና ዳዊት ላደርስ በጀልባ ስሻገር፣ ከፊቴ የተቀመጡ ሽንኩርት ነጋዴዎች አንድ ስልክ ከበው ይስቃሉ። ጆሮዬን ቀና ባደርግ የሚሰማው የእኔው ቅኔ ነው! ደነገጥሁ። ጠጋ ብል መሪጌታው ጥምጣሙን ያቃናል። «ከየት አገኛችሁት?» አልኋቸው። «ቴሌግራም ላይ ወጥቷል፣ አባ» አለችኝ አንዷ። «እስቲ ከመጀመሪያው» አልሁ፤ ከፈተችልኝ፤ የእናትዓለም ስም ቁልጭ ብሎ አለ። አንቺ ቀኑን አሳጥረሽ ያወጣሽው መስሎኝ «የልጄ ፊልም ነው! እቺም ባለቤቴ ናት!» ብዬ ብድግ ስል ጀልባዋ ተናወጠች። ባለ ጀልባው «ኸረ አባ፣ ይቀመጡ! ውኃ ሊያስገቡብን ነው!» ብሎ ጮኸብኝ። ገዳም ደርሼ ለመነኮሳቱ ሁሉ አበሠርሁ። እንኳን ደስ አለህ አሉኝ።

ስመለስ ለትንቢት ልነግራት እየሮጥሁ ብገባ ፊቷ ጠቁሯል። «የኔታ፣ አልወጣም። ተሰርቆ ነው» አለችኝ። ከዚያ አንቺ ለእኔ ያልነገርሽኝን ሁሉ ነገረችኝ። የመጀመሪያው ሲኒማ ቤት ጄኔሬተር ተበላሸብን ብሎ እንደመለሰሽ፣ ሁለተኛው አዳራሹ ለስብሰባ ተይዟል እንዳለሽ፣ ሦስተኛው የመቀነቷን ነገር ቁረጪና እናሳያለን ቢልሽ አንዲት ሰከንድ አልቆርጥም እንዳልሽው፤ ከአምስት ሳምንት ልመና በኋላ አንድ ብቻ እሺ እንዳለሽ። እሱም ፊልሙ ቴሌግራም ላይ በተገኘ ማግሥት «ሕዝቡ በስልኩ ካየው ማን ትኬት ይገዛል» ብሎ እንደተወሽ። እንደዚያ ደንግጬ አላውቅም። የከለከሉሽ ሰዎች ሁሉ ያቃታቸውን አንድ ሌባ በአንድ ቀን ጨረሰላቸው አልሁ።

በዚህ አላበቃሁም። እሑድ ቅዳሴ እንዳለቀ ዐውደ ምሕረቱ ላይ ቆሜ፣ ካህን ባልሆንም በየመጽሐፉ መጨረሻ የምጽፈውን ቃል በቃሌ አሰማሁ። የልጄን ሥራ የሰረቀ ውጉዝ ይሁን አልሁ። ሴቶቹ አሜን አሉ። ደገምሁት፤ ከበሮ ያዦቹ ዲያቆናት ሳይቀሩ አሜን አሉ። ሦስተኛውን ስናገር ድምፄ እስከ ሐይቁ ዳር ሳይሰማ አልቀረም።

ሐሙስ ዕለት ትንቢት አንቺ ፌስቡክ ላይ የጻፍሽውን ልታነብልኝ ጠራችኝ። አንዳርጋቸው እንደተያዘ ያን ጊዜ ነው የሰማሁት። እኔን ሳትቆጥሪ፣ የተጠናቀቀው ፊልም እሱ እጅ ብቻ ስለነበር ሌላ ሰው ሊሆን አይችልም ብለሻል። እኔም «አይ ከሐዲ! ቤቴ በልቶ!» አልሁ። እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ። ትንቢት ማንበቧን ቀጠለች፤ «የተሰረቀውን ቅጂ አልከፈትኩትም፣ አልከፍተውምም። ፊልሜ የሚጀምረው ያለ አንዲት ፊደል፣ በጨለማ ውስጥ በማዕበል ድምፅ ብቻ ነው። በስልካችሁ ሳይሆን በሲኒማ ቤት ጨለማ እንድታዩት የፈለግኩት ለዚህ ነው።»

«ተሳስታለች» አልሁ። «በእናቷ ስም ነው የሚጀምረው።»

ትንቢት ቀና ብላ አየችኝ። «የኔታ፣ ፍላሽዎን ያምጡት።»

አመጣሁ። ከፈትነው፤ ስሙ አለ። ቴሌግራም ላይ ያለውን ከፈትነው፤ ስሙ አለ። ትንቢት በቀስታ «የኔታ፣ ይህን ስም እኮ ኪዲ አታውቀውም» አለች። መጀመሪያ የምትለው አልገባኝም። ከዚያ ገባኝ። ስሙ ያለበት ቅጂ በዓለም ላይ አንድ ብቻ ነበር፤ ከመቃ ብዕሮቼ ጋር የቆለፍሁት። ፍሬ ስብሐት ከእኔ ወሰደ፣ ከእሱ ሌላው ወሰደ። የፎቶ ኮፒ ወረቀቱ ክምር ላይ ቁጭ አልሁ። በዚያ ሁሉ ሕዝብ ፊት አሜን እያስባልሁ ያወገዝሁት ራሴን ኖሯል።

አንዳርጋቸውን በስልክ ያገኘሁት ሰኔ ሁለት፣ በተፈታ በማግሥቱ ነው። «መሪጌታ! ጉልበትዎ እንዴት ሆነ?» አለኝ። ከእስር የወጣ ሰው የእኔን ጉልበት ይጠይቃል!

«ያቺን ስም ማን ጻፋት?» አልሁት። «አንዳርጋቸው፣ እየጠበቅሁህ እኮ ነው።»

«እኔ ነኝ» አለ። «ለመንፈቋ ባዶ እጄን ከምመጣ ብዬ ነው። የእርስዎ ላይ ብቻ ነው የጨመርኳት። ለኪዲ ልነግራት ነበር፤ ከዚያ ይሄ ነገር መጣ።»

«ታዲያ ቴሌግራም ላይ ስታየው…»

«ገና ሲጀምር አወቅኩ።»

«አውቀህ ነው ዘጠኝ ቀን የታሰርኸው?»

«መሪጌታ፣ ኪዲ እናቷን ቀብራለች። የቀሯት እርስዎ ብቻ ነዎት። እኔ የማጣው ሥራ ነው፤ ሥራ ሌላም ይገኛል። በእናትዓለም ይሁንብዎ፣ አይንገሯት።»

ሳለቅስ እንዳይሰማኝ ስልኩን ዘጋሁበት። አይንገሯት ያለኝን እሺ እንዳላልሁት ይኸው ታያለሽ።

ፍሬ ስብሐትንም ጠየቅሁት። ለእህቱ ልጅ አስገልብጧል፣ ለደብሩ አለቃ አስገልብጧል፣ ለጀልባ ነጂውም ጭምር። «ለምኖኝ ማንን እምቢ ልበል?» አለኝ። ነገሩ ሲገባው ጮኸ፤ በሦስተኛው ቀን ያንን ፍላሽ በንጹሕ ጨርቅ ጠቅልሎ በጀልባ ላከልኝ። «መልሼልሃለሁ፤ ለልጂቱ ስጣት፣ ከእኔ ዘንድ ምንም አልቀረም» የሚል ወረቀት አለበት። ትንቢት አንብባ ሳቀች፤ ወዲያው አፏን ያዘች።

ውግዘቱን ይፈቱልኝ ዘንድ የንስሐ አባቴ ዘንድ ሄድሁ። ነገሩን ገና ስጀምርላቸው «የትኛው ፊልም? ያ መቀነት የሚቆረጥበት?» አሉኝ። በጣም ደነገጥሁ። እሳቸውም መደንገጤን አይተው ደነገጡ። ከቀሚሳቸው ኪስ ስልካቸውን አውጥተው ፊት ለፊቴ አጠፉትና «አሁን ቀጥል» አሉኝ። ውግዘቱን ፈቱልኝ፤ እስከ ሰኔ ሚካኤል ስግደት አዘዙኝ። ራሴን ባወገዝሁበት ዐውደ ምሕረት ላይም ቆሜ ሌባው እኔ ነኝ እንድል አዘዋል። ትናንት እሑድ አልሁት። ማንም አሜን አላለም።

አንድ ሌላ ነገር መደበቅ አልፈልግም። እውነቱን ካወቅሁ ዐሥራ አንድ ቀን ሆነኝ። በየቀኑ እደውልልሻለሁ፣ አታነሺም፤ አንዳንድ ቀን አለማንሳትሽ ደስ ብሎኛል። ትናንት ከዐውደ ምሕረቱ ስወርድ ግን ሰኔ ዐሥራ ሰባት ዘጠኝ ቀን ብቻ እንደቀረው አሰብሁ።

ስለዚህ ይህን ደብዳቤ ትንቢት ነገ ለሱቋ ዕቃ ልታመጣ ወዳለሽበት ከተማ ስትሄድ ይዛልሽ ትመጣለች። ለመርማሪውም ለዳኛውም አሳዪው፤ ፊርማዬ አለበት። ትንቢት «የገለበጥኩት በእጄ ነው» ብላ ትመሰክራለች፤ እኔ እንደጮህሁባትም ትናገር። እኔ ስግደቴን ሚካኤል ዕለት ጨርሼ ሰኔ ዐሥራ አራት እነሳለሁ። ልታዪኝ ባትፈልጊ አልቀየምሽም፤ ፍርድ ቤቱ በር ላይ ቆሜ ቃሌን ሰጥቼ እመለሳለሁ። ቢያስሩኝም የተማሪ ቤት ጎጆዬ ከእስር ቤት አይሻልም ነበር። አንዳርጋቸውን ግን ዛሬውኑ ደውለሽ ይቅርታ ጠይቂው። ነገ ሳይሆን ዛሬ።

ፍላሼን ከደብዳቤው ጋር ልኬልሻለሁ። የተሰረቀውን አልከፍትም ብለሻል፤ ይህኛው የተሰረቀው አይደለም፣ ራስሽ የላክሽልኝ ነው። መጀመሪያውን ብቻ ክፈችው። ለምን እንደሆነ አልጽፍልሽም።

ልጽፍልሽ ብዕሬን አንስቼ ነበር። ከዚያ ግን የገዛ ሥራዬ ትዝ አለኝ። አርባ ዓመት ስጽፍ የመጽሐፍ አሠሪዎችን ሁሉ ስም ከነልጆቻቸው በቀይ ቀለም ጽፌያለሁ፤ ቀለሙን የበጠበጠችልኝን፣ ብራናውን ስወጥር ጫፉን የያዘችልኝን ሴት ስም አንድ ቅጠል ላይ እንኳ አላኖርሁም። ከሁለታችን በፊት የሌላ ሰው ልጅ መጥቶ ጻፈው። ስለዚህ አንቺን የምጠይቅበት አፍ የለኝም።

የስምሽ ጠባቂ ሚካኤል በወጣሽበት ሁሉ ይቅደምሽ። ከተቆጡሽም ከሳቁልሽም ሰዎች ፊት አያሳፍርሽ። ገና ብዙ ፊልም ሥሪ፤ የሚቀጥለውን ግን ለእኔ አትላኪልኝ፤ ትኬት ቆርጬ፣ ከሰው ጋር ተሰልፌ፣ በጨለማው ውስጥ አየዋለሁ።

ይህን የጻፍሁ፣ ያንንም ያስገለበጥሁ፣

አባትሽ መሪጌታ ሣህሉ

በዚህ ደብዳቤ ውስጥ እናትዓለም የሚለው ስም ባለበት ሁሉ ቀለሙ ቀይ ነው። ተሳስቼ እንዳይመስልሽ።